ሸክላና ድምፅ፦ ስለ ጥንት ዘፈን ጠባቂዎች

በእኛ በፎገራ «ሸክላ» ሲባል ሁለት ነገር ነው። አንዱ እናቶቻችን ከርብ ውሀ የሚቀዱበት እንስራ፥ ቡና የሚፈላበት ጀበና፥ እንጀራ የሚጋገርበት ምጣድ ነው። ሁለተኛው ታላላቆቻችን በወረታ ጠጅ ቤት አየነው የሚሉት፥ መርፌ ሲያርፍበት የሚዘፍነው ጥቁር ክብ ነገር ነው። ለዚህኛው ስም ያወጣለት ሰው ልብ ያለው ሰው ነበር እንላለን፤ ሁለቱም ከእጅ አምልጠው ከወደቁ ማንም አይጠግናቸውምና።

ወንዛዬ፥ ዛሬ የምናወጋህ ስለ ሁለተኛው ሸክላ ነው፤ ይልቁንም ሸክላ ሲለቅሙ፥ ሲያጥቡ፥ ሲያዳምጡና ሲገለብጡ ዕድሜያቸውን ስለ ጨረሱ ሰዎች ነው። ወሬው ከኒውዮርክ ይነሣና በርሊንን፥ አዲስ አበባንና ፓሪስን ዞሮ ወደ ርብ ዳር ይመለሳል። መንገዱ ይረዝማል፤ ነገር ግን ከቤታችን የጠፋ ዕቃ አለና ፍለጋ ነው የወጣነው። ዓመቶቹን ሁሉ የጻፍነው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ኦፔራ ማለት ተዋንያኑ ንግግራቸውን ሁሉ እየዘፈኑ በትልቅ ኦርኬስትራ ታጅበው የሚጫወቱት ቴያትር ነው። ለእኛ እንግዳ ነገር ይምሰል እንጂ አንዱ ስመ ጥር ኦፔራ ስለ እኛ ነው። ጣልያናዊው ጁዜፔ ቬርዲ የደረሰው «አይዳ» በ1871 ካይሮ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ። አይዳ በግብፅ ተማርካ የምትኖር የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ናት፤ በድርሰቱ አባቷ ይሸነፋል። ሥራውን ያዘዘው ኬዲቭ እስማኤል ከአራት ዓመት በኋላ ጦሩን በእውነት ወደ ኢትዮጵያ ቢልክ፥ በ1875 ጉንደት ላይ፥ በ1876 ደግሞ ጉራ ላይ በዐፄ ዮሐንስ ጦር ድል ሆነ። ዐፄ ዮሐንስ ከወረታ ሽቅብ ባለችው በደብረ ታቦርም ይከትሙ የነበሩ ንጉሥ ናቸው። ቬርዲ ጥቂት ታግሦ ቢሆን ኖሮ መጨረሻውን ሳይለውጠው አይቀርም ነበር። ይህን ለጨዋታ ያህል ነው ያነሣነው፤ ቁም ነገሩ ወዲህ ነው። በ1902 ሚላኖ ላይ ወጣቱ ኤንሪኮ ካሩሶ በመለከት ፊት ቆሞ ለግራሞፎን ሸክላ ከዘፈናቸው ዘፈኖች አንዱ ከዚሁ ከ«አይዳ» የተወሰደ፥ ለኢትዮጵያዊቷ ልዕልት የተዘፈነ ነው። ያ ሸክላ ዛሬም ይሰማል። በዚያው ዓመት በጎንደር በረንዳ፥ በይፋግ ገበያ፥ በፎገራ ሠርግ ቤት ማሲንቆ ይዞ ስለ እውነተኛዎቹ ኢትዮጵያውያት ሲዘፍን የነበረው አዝማሪስ? እሱ የለም።

ኦፔራ በሚወደድበት አገር ደግሞ ይህን ሥራ የጀመረው ባለሥልጣን አይደለም፤ አንድ የመጻሕፍት ቤት ሠራተኛ ነው። ሊዮኔል ማፕልሰን ይባላል፤ በኒውዮርክ የሜትሮፖሊታን ኦፔራ ቤት የኖታ መጻሕፍት ጠባቂ ነበር። የኤዲሰንን ፎኖግራፍ ገዛና ከ1901 እስከ 1903 ድረስ ዘፋኞቹ መድረክ ላይ ሳሉ ድምፃቸውን በሰም ጥቅል ላይ ሲቀርጽ ከረመ። መጀመሪያ መሣሪያውን ለተዋንያን ቃል የሚያስታውሰው ሰው ከሚቀመጥባት ጠባብ ሣጥን ውስጥ አኖረው፤ ቀጥሎ ከመድረኩ በላይ ካለው ርብራብ ላይ ወጥቶ ትልቅ መለከት ቁልቁል ደገነ። አንዱ ጥቅል የሚይዘው ሁለት ደቂቃ ያህል ነው። ስለዚህ ከሦስት ሰዓት ኦፔራ የቀረችው ጭላፊ ጭላፊዋ ናት፤ ዘፈኑ ሲግል ይቆረጣል፤ የሰው ኮቴ ይሰማል፤ ጭብጨባው ይጮኻል። ያም ሆኖ ዣን ደ ሬሽኬ የሚባለው፥ በዘመኑ እኩያ የለውም የተባለለት ዘፋኝ፥ ዛሬ ትንፋሹ የተገኘው በእነዚሁ በተቦጫጨሩ ሰሞች ላይ ብቻ ነው።

ማፕልሰን በ1937 ሞተ። ጥቅሎቹን ዊልያም ሴልትሳም የሚባል ሸክላ ሰብሳቢ ይዞ፥ ይሰማሉ ያላቸውን ወደ ሸክላ እየገለበጠ ለመሰሎቹ አዳረሰ፤ ኋላም ወደ ኒውዮርክ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ገቡ፤ በ1985 ተጠራቅመው ታተሙ። ከተቀረጹ ከሰማንያ ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። አንዱ ቀረጸ፥ ሁለተኛው ከመጣል አዳነ፥ ሦስተኛው አጥርቶ አሰማ። ሦስቱ አብረው ሻይ እንኳ የጠጡ ሰዎች አይደሉም።

ሰም ክፉ ጠባይ አለው። መርፌው ባለፈ ቁጥር ይፍቀዋልና የወደዱት ጥቅል ቶሎ ይሞታል፤ እርጥበት ካገኘው ይሻግታል። ከእሱ በኋላ የመጣው ሸክላ ላክ ከሚባሉ ተባዮች ሙጫና ከድንጋይ ዱቄት የሚሠራ ነው፤ ሰም ሳይሆን ሸክላ ነውና ይሰበራል። በደቂቃ 78 ጊዜ ይዞራል ይባላል እንጂ በጥንቱ ጊዜ ፋብሪካው ሁሉ በየራሱ ፍጥነት ነበር የሚቀርጸው፤ አንዱ በ70ዎቹ መጀመሪያ፥ ሌላው በ80 እና ከዚያም በላይ። ስለሆነም ሸክላ ገልባጩ ፍጥነቱን ከሳተ ባሪቶኑን ቴነር፥ ጎልማሳውን ጎረምሳ አድርጎት ቁጭ ይላል። ለዚህ ነው የሥራው ሰዎች መርፌ ከመምረጥና ሸክላ ከማጠብ ይልቅ በፍጥነቱ ላይ ዓመታት ሲከራከሩ የምናገኛቸው። ይህችን ነገር አንባቢ ይያዝልን፤ ኋላ ትፈለጋለች።

እንግዲህ ወደ አገራችን። በ1898 የእንግሊዝ ንግሥት ቪክቶሪያ ለዐፄ ምኒልክና ለእቴጌ ጣይቱ ድምፅዋን በሰም ቀርጻ ላከች። ከተሰማ በኋላ እንዲሰበር ታዝዞ ነበርና ተሰበረ። ዐፄ ምኒልክና እቴጌም በዚያው ዓይነት ሰም ቃላቸውን አስቀርጸው መለሱ። የእነሱን ግን ማንም ስበሩት አላለም፤ ቃሉን አብርሃም ደሞዝ አዳምጠው በ1969 በለንደን አሳተሙት። ከድምፃችን መጀመሪያ የተረፈው የቤተ መንግሥት ሰላምታ መሆኑ አያስደንቅም። በ1906 ደግሞ በኤኖ ሊትማን የተመራው የጀርመን የአክሱም ጉዞ ሲመጣ፥ ሐኪሙ ካሽኬ ፎኖግራፍ ይዞ ነበርና በሰሜን ዜማም ዘፈንም ቀረጸ። ጥቅሎቹ ወደ በርሊን ሄዱ። እዚያ በ1900 የተቋቋመ የድምፅ ቤተ መዛግብት ነበር፤ የዓለሙን ሁሉ ዘፈን እንደ ቢራቢሮ እየወጋ የሚያስቀምጥ።

ከዚህ በኋላ ነው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ የሚመጡት። በ1908 የአውቶሞቢል ሥራ እንዲማሩ ወደ ጀርመን ተላኩ። ግጥም አዋቂ ነበሩ፤ ማሲንቆም ይመታሉ። በጀርመን ቆይታቸው፥ እስከ 1910 ባለው ጊዜ፥ በርሊን ውስጥ የሸክላ ኩባንያ አግኝቷቸው ከዐሥር በላይ ሸክላ አስቀረጹ። በንግድ የወጡ የመጀመሪያዎቹ የኢትዮጵያ ዘፈን ሸክላዎች እነዚህ ናቸው።

እኛ እዚህ ላይ ቆም ብለን ማሰብ እንወዳለን። አዝማሪ እኮ ለብቻው አይዘፍንም። ፊቱ ያለውን ሰው ዐይቶ ነው፤ ሚዜውን ያነሣል፥ ስስታሙን ይጎንጣል፥ «ተቀበል» ሲባል ከታዳሚው የተወረወረለትን ስንኝ አንሥቶ በማሲንቆ ያጅበዋል፤ ሌሊቱ እስኪነጋ አንዱ ዘፈን ከሌላው ጋር ይቀጣጠላል። ነጋድራስ ተሰማ ግን የቆሙት በጀርመን ክፍል ውስጥ በቆርቆሮ መለከት አፍ ላይ ነው። የሸክላው አንድ ገጽ የሚይዘው ሦስት ደቂቃ ያህል ነው። አጫፋሪ የለ፥ ጠጅ የለ፥ ቋንቋውን የሚሰማ ሰው በክፍሉ ውስጥ ቢኖር እንኳ ከጣት አይበልጥም። ያን ሁሉ ችለው ቅኔውን ሦስት ደቂቃ ውስጥ ማስገባታቸው ለእኛ ከመኪና መንዳቱ ይልቅ የሚደንቅ ነው።

ነጋድራስ ተሰማ ወደ አገር ተመልሰው በልጅ ኢያሱ ዘመን ከፍ ያለ ሹመት አገኙ። ልጃቸው ይድነቃቸው ተሰማ በእግር ኳስ አገር ያወቃቸው፥ ከ1972 እስከ 1987 የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት የነበሩት ናቸው። ሸክላዎቹስ? በየሰው እጅ ተበተኑ። ጦርነት፥ ስደትና የቤት ለውጥ ለሸክላ አይመቹም። አንድ ላይ ተሰብስበው፥ ታጥበውና ተገልብጠው እንደገና የታተሙት ከመቶ ዓመት በኋላ፥ ፓሪስ ከሚታተመው «ኢትዮፒክስ» ከሚባለው ተከታታይ በ27ኛው ነው። የዚህን ተከታታይ አዘጋጅ ደግሞ በሰፊው ማውራት አለብን።

ከዚያ በፊት ግን አቶ አምሃ እሸቴን ሳናነሣ ብናልፍ ነውር ነው። አገር ፍቅር ማኅበር በ1935 ተቋቋመ፤ በ1948 ሸክላ የማስመጣትና የማሳተም ብቸኛ መብት ተሰጠው። መብቱ ነበረ፤ ሥራው ግን ከመብቱ ጋር አልተመጣጠነም። በ1960ዎቹ አዲስ አበባ በክቡር ዘበኛና በፖሊስ ኦርኬስትራ፥ በማታ ክበብ ባንዶች ስትናወጥ ያ ሁሉ ድምፅ ሌሊት ተወልዶ ጧት ይሞት ነበር። አቶ አምሃ ሙዚቃ ቤት የነበራቸው ወጣት ነጋዴ ናቸው። ሕግ እንደሚያስጠይቃቸው እያወቁ በ1969 የዓለማየሁ እሸቴን ሸክላ አሳተሙ፤ ማተሚያ ስላልነበረን መጀመሪያ በሕንድ ኋላም በሊባኖስ እያስጫኑ። አልታሰሩም። በስድስት ዓመት ውስጥ ከመቶ በላይ ትንንሽ ሸክላና ዐሥራ ሁለት ያህል ትልልቅ ሸክላ አወጡ። በ1975 ወደ አሜሪካ ሄዱ፤ በ2021 አረፉ። አብዮቱ ሲመጣ የሰዓት እላፊው የማታ ክበቡን ገደለው፤ ካሴት ደግሞ ሸክላውን። በ1970ዎቹ መጨረሻ ሸክላ ማሳተም አከተመ። ሸክላ ማጫወቻው ከሳሎን ወጥቶ አልጋ ሥር ገባ፤ ሸክላዎቹም ተከተሉት።

ፍራንሲስ ፋልሴቶ የመጣው ይህ ሁሉ አቧራ ከጠጣ በኋላ ነው። በፈረንሳይ አገር በፗቲዬ ከተማ የሙዚቃ ትርኢት የሚያዘጋጅ ሰው ነበር። በ1984 ከወዳጆቹ አንዱ ዘንድ የማሕሙድ አሕመድን ሸክላ ሰማ። በቃ፥ ያ ሸክላ ሰውየውን ወሰደው። በማግስቱ ዓመት፥ በ1985፥ አገራችን በረሀብና በሰዓት እላፊ በተጨነቀችበት ጊዜ አዲስ አበባ ገባ። በ1986 የማሕሙድን «ኧረ መላ መላ» በብራስልስ አሳተመ። «ኢትዮፒክስ» ራሱ የተጀመረው በ1997 ነው። በመካከሉ ያለው ዐሥር ዓመት ምን ሲሠራበት እንደነበረ ማወቅ ለሚፈልግ ሥራው ይኸው ነው፦ የሸክላውን ባለቤት መፈለግ፥ ፈቃድ መለመን፥ አንድ ዘፈን በአምስት ቅጂ ቢገኝ አምስቱንም አዳምጦ ያልተፋቀውን መለየት፥ ማን ሳክስፎን እንደነፋ፥ ማን ግጥሙን እንደጻፈ ሽማግሌ ሙዚቀኛ ቤት እየዞሩ መጠየቅ፥ ፎቶግራፍ መልቀም። አቶ አምሃንም በስደት ካሉበት ፈልጎ ተዋውሏል። በዚህ ልፋት ወደ ሠላሳ የሚጠጋ ቅጽ ወጣ። በ4ኛው የሙላቱ አስታጥቄ ሙዚቃ ዓለምን ዞረ፤ በ2005 በጂም ጃርሙሽ ፊልም ውስጥ ገባ። በ11ኛው የዓለሙ አጋ በገና፥ በ14ኛው የጌታቸው መኩሪያ ሳክስፎን፥ በ21ኛው የእማሆይ ጽጌ ማርያም ፒያኖ ተሰማ። በ2001 ደግሞ የዘመናዊ ሙዚቃችንን ታሪክ በፎቶግራፍ የሚያሳይ መጽሐፍ አወጣ።

ጓደኞቻችን መሀል በዚህ ሰው ነገር ስንጣላ አምሽተናል። ግማሾቻችን «ፈረንጅ ሳይነግረን የራሳችንን መስማት አንችልም ወይ?» ብለን ተቆጣን። ቁጣው ያለምክንያት አይደለም። ሰብሳቢ ሁሉ በጆሮው ልክ ነው የሚሰበስበው፤ «ወርቃማው ዘመን» የሚለው ስም አንዴ ከተለጠፈ በኋላ ከ1969 በፊትና ከ1975 በኋላ ያለው፥ ከአዲስ አበባ ውጭ ያለው ሁሉ እንደ መዳብ መታየቱ አልቀረም። አዝማሪ በዝርዝሩ ውስጥ አለ፤ 2ኛው ቅጽ ለእነሱ ነው፤ ነገር ግን የ1990ዎቹ የአዲስ አበባ አዝማሪ ቤት አዝማሪዎች ናቸው። ገጠሩ የለም። ሌሎቻችን ደግሞ «ታዲያ እናንተ የት ነበራችሁ?» አልን። እውነቱን ለመናገር ይህኛው ጥያቄ ነው የከበደን። ሸክላዎቹ አልጋ ሥር ሲሰበሩ ቤቱ የእኛ ነበር።

ለመሆኑ በእኛ አውራጃ ድምፅ መጠበቅ አይታወቅም ነበርን? ይታወቃል እንጂ። ከወረታ ወደ ደብረ ታቦር የሚወጣውን መንገድ ይዞ ሽቅብ ጋይንት የደረሰ ሰው ቤተልሔምንና ዙር አባን ያገኛል። የድጓ መምህር ቤተልሔም ሳይመሰክር፥ የዝማሬና መዋሥዕት መምህር ዙር አባ ሳይመሰክር መምህር አይባልም። ተማሪው ኮቾሮውን ይዞ፥ ውሻ እየተከላከለ፥ ዓመታት ተቀምጦ ያንን ሁሉ ዜማ ከመምህሩ አፍ ይቀበላል፤ አንዲት ስባሪ ድምፅ ቢስት ይመለሳል። በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፥ በ16ኛው ምዕት ዓመት፥ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የዜማውን ምልክት ሠርተው በፊደሉ ራስ ላይ አስቀመጡለት፤ ምልክቱ ግን ለሚያውቅ ማስታወሻ ነው እንጂ ለማያውቅ አይዘፍንም። እንግዲህ ኒውዮርክ ሰም ሳይገዛ በፊት ጋይንት የድምፅ ቤተ መዛግብት ነበራት፤ መዝገቡ ሰው ነው። ልዩነቱ ይህ ነው፦ ዜማውን የሚጠብቅ ቤት፥ ርስት፥ ማዕርግና ፈተና ነበረው። አዝማሪ ከእነዚህ አንዱም አልነበረውም። ልጁን ያስተምራል፤ ልጁ ከሞተ ወይም ሹፌር ከሆነ አለቀ። ሠርግ ላይ የሚፈለገውን ሰው በአዘቦት የምንንቅ እኛው ነንና ዘፈኑን የሚጠብቅለት ደብር አላቋቋምንለትም።

ከአፍ ያነሡትም እንኳ ያነሡት በብዕር ነው። በ1932 የማርሴል ግሪዮል ጉዞ ጎንደር ከትሞ ሲከርም፥ ጸሐፊው ሚሼል ሌሪስ በአባ ጄሮም አስተርጓሚነት ከመልካም አየሁ የዛር ቤት ስንኝ ሲጽፍ ከረመ። ያው ጉዞ የአባ እንጦንስን ቤተ ክርስቲያን የጥንት ሥዕሎች ከግድግዳው አንሥቶ ፓሪስ አገባ፤ በምትኩ አዲስ ቅጂ ተሥሎ ተለጠፈ። ስለዚያ ሥዕል ጎንደር ዛሬም ያወራል፤ ግድግዳው ምስክር ነዋ። ድምፅ ሲሄድ ግን ግድግዳ የለውም። በ1960ዎቹ ጂን ጄንኪንስ የምትባል፥ በለንደን ሆርኒማን ሙዚየም የሙዚቃ መሣሪያዎች ጠባቂ፥ አገራችንን እየዞረች በቴፕ ቀርጻለች፤ ሸክላም ሆኖ ታትሟል። ማንም ዘረፈን አላለም፤ ዘፋኙም እንደ ዘፈነ ቀረ፤ የጎደለ ነገር ያለ አይመስልም ነበር። የጎደለው የታወቀው ዘፋኙ ሲሞት ነው፤ ቅጂው ያለው ባሕር ማዶ፥ ዋናው ከመቃብር።

በሉ እንግዲህ የራሳችንን ጉድ እናውጣ። ከእኛ የአንዱ አጎት በ1980ዎቹ ቴፕ ገዝቶ ነበር። ጉማራ ዳር በተደረገ የዘመድ ሠርግ ላይ በዚያ አገር የታወቀ አንድ አዝማሪ ሌሊቱን ሙሉ ሲጫወት አጎትየው ባለ ስድሳ ደቂቃውን ካሴት እየገለበጠ ቀረጸው። ፎገራ ላይ የሚዘፈን የከብት ሙገሣ፥ ጎርፍ ስላጠፋው እህል፥ ስለ ጣና ታንኳ፥ ከዚያም ሊነጋ ሲል ሰውን ሁሉ ያስለቀሰ አንድ ትዝታ ነበረበት ይባላል። «ይባላል» የምንለው ስላልሰማነው ነው። ካሴት በራሱ ላይ ሁለት ትንንሽ ጥርስ አለው፤ ጥርሱ ከተሰበረ ቴፑ ሌላ አይቀዳበትም። አጎትየው ጥርሱን አልሰበረውም። ከእኛ አንዱ ልጅ ሳለ፥ ቤት ውስጥ ባዶ ካሴት አጥቶ፥ ከራዲዮ የኳስ ጨዋታ ቀዳበት። አንደኛው ገጽ ሙሉ፥ ሁለተኛውም እስከ እኩሌታ። ማን ከማን ጋር ይጫወት እንደነበረ እንኳ አሁን አያስታውስም። የተረፈው በመጨረሻ ያለው የእልልታና የሰው ትርምስ ነው፤ ማሲንቆው አንድ ጊዜ ብቅ ይልና ይጠፋል። አዝማሪውም አጎትየውም ዛሬ የሉም።

በዚህ ነገር እንቅልፍ ያጣነው ተሰባስበን ባለፈው ክረምት ወረታና በዙሪያዋ ያሉ ዘመዶቻችን ቤት እየዞርን ካሴት ለመንን። ሣጥን፥ ቆጥ፥ የእህል ጎታ ሥር፥ የማይገባንበት የለም። 31 ካሴት አገኘን። የፎገራ ሜዳ ክረምት ክረምት ውሀ የሚተኛበት አገር ነውና እርጥበቱ የሠራውን አየን፤ ክሩ እርስ በርሱ ተጣብቋል፥ ነጭ ሻጋታ አብቅሏል፥ የአንዳንዱ ቡናማ ቅባት ተልጦ በቴፑ ራስ ላይ ይቀራል። በአልኮልና በጥጥ እየጠረግን፥ በቢክ እስክሪብቶ እያጠነጠን፥ የተበጠሰውን እየቀጠልን ሰባቱ ድምፅ አወጡ። ከሰባቱ አራቱ በየሱቁ የተሸጡ፥ ሌላ ቦታ የሚገኙ ናቸው። ሁለቱ የቤተ ዘመድ ሰላምታ ናቸው፤ «ደኅና ነን፥ ስለ እኛ አታስቡ» የሚሉ፤ ለባለቤቶቹ መለስንላቸው። አንዱ ብቻ ማሲንቆ ነበረው። ወረቀቱ ላይ በእርሳስ «ሠርግ» ተብሎ ተጽፏል፤ ስም የለውም።

ድምፁ የማን እንደሆነ ለማወቅ ከአዝማሪ ወገን የሆኑ አንድ ሽማግሌ ዘንድ ወሰድነው። ማሲንቆአቸው ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ ጭራው የለም። ቴፑን ከፈትን። ጥቂት አዳመጡና ራሳቸውን ነቀነቁ።

«አይ ልጆቼ፥ ማሲንቆው የአባቴ አመታት ነው። ድምፁ ግን የሱ አይደለም። አባቴ እንዲህ ቀጭን አልነበረም። ይኸ ልጅ ነው።»

«አያ፥ ሌላ ሰው ይሆናል እንዴ?»

«አመታቱን የሚያውቅ ሌላ ሰው የለም።»

ያን ጊዜ ነው ሰባና ሰማንያ ስለሚዞረው ሸክላ ያነበብነው ትዝ ያለን። የአጎትየው ዓይነት ቴፖች ባትሪ ሲደክም እየዘገዩ ይቀርጻሉ፤ የዘገየው በደኅና ቴፕ ሲሰማ ይቀጥናል፥ ይፈጥናል። የቴፑን ጀርባ ፈታን። ሞተሩ ላይ በምትገኝ ትንሽ ቀዳዳ ውስጥ ፍጥነት የምታዝዝ ብሎን አለች፤ ሰዓት ሠሪ በሚይዛት ዓይነት ጠመንጃ መፍቻ እንድትነካ ሆና የተሠራች ናት። አንዳችን መፍቻውን ይዞ ቀስ እያለ ወደ ግራ አዞራት። ዘፈኑ ከበደ። ሽማግሌው እጃቸውን አነሡ፤ «ጨምር» ማለታቸው ነው። ደግሞ ዞረች። ማሲንቆው ወረደ፥ እልልታው የትልልቅ ሴቶች እልልታ ሆነ። «ትንሽ መልስ» አሉ። መለስን።

«እህ... አሁን እሱ ነው» አሉና ዝም አሉ።

ካሴቱ 23 ደቂቃ ይላል። በስልካችንም በኮምፒዩተርም ገልብጠን ለሦስት ሰው ሰጥተናል፤ ስማቸውን፥ የአባታቸውን ስም፥ የሠርጉን አገር ከአፋቸው ጽፈን ከካሴቱ ጋር አስቀምጠናል። የካሴቱን ጥርስ እዚያው ሽማግሌው ደጅ ላይ በሚስማር ሰበርነው። ሌላ ካሴት ያላችሁ የፎገራ ልጆች ሳትጠርጉ፥ ሳታጠነጥኑ፥ እንዳለ አምጡልን፤ በክረምት ወረታ ነን።